አንቀጽ 11 ሙሉውን ይነበብ

በሕገ መንግሥታችን ውስጥ እንደ አንቀጽ 11 አዘውትሮ የሚጠቀስ፣ አዘውትሮም በግማሹ ብቻ የሚነበብ አንቀጽ ያለ አይመስለንም። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ይህ አንቀጽ የሚለው ግልጽና አጭር ነው። መንግሥትና ሃይማኖት የተለያዩ ናቸው፤ መንግሥታዊ ሃይማኖት አይኖርም፤ መንግሥት በሃይማኖት ጉዳይ እጁን አያስገባም፤ ሃይማኖትም በመንግሥት ጉዳይ እጁን አያስገባም። ጳጳስ ወይም መጋቢ ስለ ፈሰሰ ደም አፉን ሲከፍት ባለሥልጣኑ የኋለኛውን ሐረግ ይመዝበታል። ከምጽዋት ሣጥን ስለ ጠፋ ገንዘብ ሕግ ይጠይቅ ሲባል ደግሞ የቤተ ክርስቲያኑ ሹም የፊተኛውን ይመዛል። ሁለቱም ሲቸግራቸው አንቀጹን ዘግተው ይፈላለጋሉ፤ መንግሥት ሕዝብ እንዲረጋጋ አባቶችን ያስጠራል፣ አባቶችም የቤታቸውን ጠብ ተሸክመው ቤተ መንግሥት ይሄዳሉ።

የዝግጅት ክፍላችን አቋም ይህ ነው። ቤተ ክርስቲያን በዛሬይቱ ኢትዮጵያ ሰፊ ስፍራ አላት፤ ያ ስፍራ ግን ከሥልጣን አጠገብ አይደለም። ከሥልጣን አጠገብ በቆመች ቁጥር አስቀድማ የምታጣው ድምፅዋን ነው። ይህን የምንለው ለኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ብቻ አይደለም፤ ለወንጌላውያንም ለካቶሊካውያንም ነው። ይሁን እንጂ ሸክሙ ለሁሉም እኩል አይደለም። በ1999 ዓ.ም. የሕዝብ ቆጠራ ከመቶ ኢትዮጵያዊ 43 ያህሉ ኦርቶዶክስ፣ 18 ያህሉ ፕሮቴስታንት ነኝ ብሏል። ብዙ የተሰጠው ብዙ ይጠየቃልና በዚህ ጽሑፍ ታላቂቱን ቤተ ክርስቲያን አብዝተን እንጠይቃለን።

ከመንግሥት ጋር የነበረው ጋብቻ ምን አተረፈ? ሲሶው ለነጋሽ፣ ሲሶው ለቀዳሽ፣ ሲሶው ለአራሽ ይባል በነበረበት ዘመን የመሬቱ ልኬት አባባሉን ባይደግፈውም የሥልጣኑ አደላደል እንደዚያው ነበር። በ1948 ዓ.ም. ተሻሽሎ የወጣው ሕገ መንግሥት ቤተ ክርስቲያኒቱን የንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት ቤተ ክርስቲያን አድርጎ መንግሥት እንዲደግፋት ደነገገ፤ በአጸፋው የንጉሡ ስም በየጸሎቱ እንዲጠራ አዘዘ። ድጋፉ ዋጋ ነበረው። ጭሰኛው ሲያለቅስ የቤተ ክርስቲያን ድምፅ ቀጠነ፤ እርሷም ራሷ ባለ መሬት ነበረችና። ከዚያ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት አዋጅ ታወጀ፣ በዚያው ዓመት ሐምሌ ደግሞ የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት ተወረሰ። የዘመናት ርስት በወራት ውስጥ ሄደ።

ቤተ ክርስቲያኒቱ ግን አልሞተችም። ለምን እንዳልሞተች የሚያስረዳው ሥራ የያኔው ፓትርያርክ የብፁዕ ወቅዱስ አቡነ ቴዎፍሎስ ነው። መሬቱ ከመወሰዱ ሁለት ዓመት ያህል አስቀድሞ፣ በ1965 ዓ.ም.፣ ቃለ ዓዋዲ የተባለውን ደንብ አውጥተው ሰበካ ጉባኤን አቋቁመው ነበር። በዚህ ደንብ ካህናት፣ ምእመናንና የሰንበት ትምህርት ቤት ወጣቶች በአንድ ጉባኤ ተቀምጠው ደብራቸውን ያስተዳድራሉ፤ ካህኑም ከባላባትና ከግምጃ ቤት እጅ ሳይሆን ከምእመኑ መዋጮ ይኖራል። ርስቱ ሲሄድ ቤቱን አቁሞ ያቆየው ይህ ነው። በእኛ ግምት በሃያኛው ክፍለ ዘመን በቤተ ክርስቲያኒቱ ከተደረጉት ውሳኔዎች ሁሉ ከዚህ የበለጠ አርቆ ያየ ጥቂት ነው።

ደርግ እኒህን አባት በየካቲት 1968 ዓ.ም. ከመንበራቸው አወረዳቸው። ከክሶቹ አንዱ ያለ መንግሥት ፈቃድ ኤጲስ ቆጶሳት ሾመዋል የሚል ነበር። ዛሬ ክሱን ስናነበው የሚያሳዝነን ጭካኔው ብቻ አይደለም፤ አንድ መንግሥት እግዚአብሔር የለም እያለ ለጳጳስ ሹመት ፈቃድ ሰጪ እኔ ነኝ ማለቱም ነው። አቡነ ቴዎፍሎስ በ1971 ዓ.ም. ክረምት በእስር ላይ ሳሉ ተገደሉ። በዚያው ክረምት፣ ሐምሌ 21 ቀን፣ የኢትዮጵያ ወንጌላዊት ቤተ ክርስቲያን መካነ ኢየሱስ ዋና ጸሐፊ የነበሩት ቄስ ጉዲና ቱምሳ በአዲስ አበባ ኡራኤል አካባቢ ከሚገኘው ጸሎት ቤታቸው ሲወጡ ታፍነው ተወስደው ተገደሉ። ከአገር የሚወጡበት መንገድ ቀርቦላቸው መንጋዬን ትቼ አልሄድም ብለው ነበር። የሁለቱም አስከሬን የተገኘው፣ በክብርም ያረፈው ደርግ ከወደቀ በኋላ ነው።

ሁለቱን አብረን ማንሳታችን ያለ ምክንያት አይደለም። የሁለቱም አብያተ ክርስቲያናት መሪዎች በ1960ዎቹ መጨረሻ መከራው ሲከብድ ተቀራርበው ነበር፤ ኦርቶዶክሱም፣ ካቶሊኩም፣ ወንጌላዊውም በአንድ የትብብር ምክር ቤት ለመቀመጥ የሞከሩበት ጊዜ ነው። በነገረ መለኮት አልተስማሙም፤ መስማማትም አላስፈለጋቸውም። አቡነ ቴዎፍሎስ ሥርዓታቸውን፣ ቄስ ጉዲና ወንጌላቸውን ሳይለቁ፣ ሁለቱም ለአንድ ገዥ አንገታቸውን አልደፉም። መሬትም፣ ወታደርም፣ በቴሌቪዥን የሚሰጥ ሰዓትም አልነበራቸውም። ዛሬ ስለ ቤተ ክርስቲያን ክብር መናገር የሚወድ ሁሉ ስማቸውን ይጠራል፤ ከደርግ ባለሥልጣናት ጋር በመድረክ ላይ የተቀመጡትን ግን ማንም አያነሳም።

ወደ ቅርቡ እንምጣ። ጥር 14 ቀን 2015 ዓ.ም. ሦስት የኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ሊቃነ ጳጳሳት ወሊሶ አካባቢ ሃሮ በዓለ ወልድ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ከሲኖዶስ ፈቃድ ውጭ 26 ኤጲስ ቆጶሳትን ሾሙ። ሲኖዶሱ ጥር 18 ቀን አወገዛቸው። ከዚያ በኋላ በነበሩት ሳምንታት የታየው ነገር ስለ ቤተ ክርስቲያን ስፍራ ከተጻፈው ሁሉ በላይ ያስተምራል። በጾመ ነነዌ ሦስት ቀናት ሕዝቡ ጥቁር ለብሶ ወጣ። ባንክ ውስጥ ገንዘብ የሚቆጥረው፣ ዩኒቨርሲቲ የሚማረው፣ ጉሊት የምትሸጠው፣ ታክሲ የሚሾፍረው ሁሉ ጥቁር ለበሰ፤ በዋሽንግተንም፣ በለንደንም፣ በቤይሩትም ያሉ ልጆቿ እንዲሁ አደረጉ። በሻሸመኔ የምእመናን ደም ፈሰሰ። ሕዝቡ ግን ድንጋይ አላነሳም፤ ጾሞና አልቅሶ ወደ ቤቱ ተመለሰ። ዘመናዊነት ሃይማኖትን ወደ ጓዳ ከቶታል የሚሉ የእኛ ምሁራን በእነዚያ ቀናት መስኮታቸውን ከፍተው ቢያዩ መልካም ነበር።

ጉዳዩ ግን የተቋጨው የት ነው? የካቲት 8 ቀን፣ ጠቅላይ ሚኒስትሩ ባሉበት በተደረሰ ስምምነት። ስምምነቱ ደም እንዳይፈስ ረድቷል፤ ይህን አንክድም። ሆኖም የቀኖና ጥያቄ በመንግሥት ጠረጴዛ ላይ መፈታቱ ድል አይደለም። በሐምሌ 2010 ዓ.ም. በዋሽንግተን የተፈጸመው የአገር ቤቱና የስደቱ ሲኖዶሶች ዕርቅም ቢሆን፣ ከ1984 ዓ.ም. ጀምሮ ሲያቃጥለን የኖረውን መለያየት ስላስቀረ ሁላችንም በእልልታ የተቀበልነው ቢሆንም፣ የመንግሥት እጅ ጎልቶ የታየበት ነበር። ያስታረቀ መንግሥት ነገ ልፍረድ ይላል፤ የፈረደ መንግሥት ከነገ ወዲያ ልሹም ይላል። አቡነ ቴዎፍሎስ የተከሰሱበትን ክስ እናስታውስ።

የተወገዙት አባቶች መንገድ ስሕተት ነበር ስንል ያነሱትን በቋንቋ የመገልገል ጥያቄ ሐሰት ማለታችን አይደለም። በኦሮሚያ፣ በደቡብም፣ በገዛ ቋንቋው ሳይሰበክለት፣ ኑዛዜውን የሚሰማው ካህን አጥቶ ወደ ሌላ ቤት የሄደ ምእመን ቁጥሩ ቀላል አይደለም። መጻሕፍትን ወደ ሕዝቡ ቋንቋ መመለስ ለዚህች ቤተ ክርስቲያን እንግዳ ሥራ መሆን አልነበረበትም፤ በአክሱም የተጀመረችው በዚያ ሥራ ነውና። መጽሐፍ ቅዱስን ወደ አፋን ኦሮሞ የመለሱት ግን በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ በስዊድን ሚሲዮን ያደጉት ኦኔሲሞስ ነሲብና አስቴር ጋኖ ናቸው። ሲኖዶሱ በየካቲቱ ስምምነት በቋንቋ የሚሰጠውን አገልግሎት ለማጠናከር ቃል ገብቷል፤ በዚያው ዓመት ሐምሌ ከሾማቸው ዘጠኝ ኤጲስ ቆጶሳት አብዛኞቹም ለኦሮሚያ አህጉረ ስብከት ነበሩ። ሹመቱ ተገቢ ነው። ጳጳስ መሾም ግን ቀላሉ ሥራ ነው። በቦረናና በወለጋ አንዲት ደብር ውስጥ ልጆችን በቋንቋቸው ንባብና ዜማ የሚያስተምር የኔታ አግኝቶ፣ ቀለብ ሰጥቶ ማኖር ከባዱ ነው፤ ቤተ ክርስቲያንን የሚያጸናትም እሱ ነው።

አሁን ወደ ከባዱ ፍርዳችን ደርሰናል። ጦርነቱ በጥቅምት 2013 ዓ.ም. በትግራይ ሲነሳ አብያተ ክርስቲያናቱ የት ነበሩ? በማይካድራ ሰው ታረደ። በአክሱም፣ በኅዳር ጽዮን ዋዜማ፣ የኤርትራ ወታደሮች ሰላማዊ ሰዎችን በየመንገዱና በየቤቱ ገደሉ። በአርሲና በወለጋ ምእመናን በእምነታቸውና በዘራቸው ተለይተው ሞቱ፤ ቆየት ብሎም፣ በጥር 2016 ዓ.ም.፣ በመራዊ ነዋሪዎች ከየቤታቸው እየወጡ ተገደሉ። ለእያንዳንዱ ሞት የሚጮኽ አፍ ነበረ፤ ለሁሉም እኩል የሚጮኽ አፍ ግን አልነበረም። ፓትርያርኩ ብፁዕ ወቅዱስ አቡነ ማትያስ ስለ ትግራይ መናገር የቻሉት ከወራት በኋላ፣ ቃላቸው ታፍኖ መቆየቱን ገልጸው፣ በተቀረጸ ምስል ነበር፤ ያን ጊዜም ሲኖዶሱ በአንድ ቃል አልቆመላቸውም። ከወንጌላውያን መድረኮችም ብዙዎቹ ለአገር ሰላም በሚል ስም የጸለዩት ለአንድ ወገን ድል ነበር።

በፍትሐት ጊዜ ሟች በክርስትና ስሙ ይጠራል። ወለተ ማርያም ወይም ገብረ ሚካኤል ይባላል እንጂ ከየት ወገን ነሽ፣ ከየት ወገን ነህ አይባልም። ቤተ ክርስቲያን ለሙታን የምታውቀውን ይህን ሥርዓት ለሚገደሉት ለመናገር አለመጠቀሟ ነው የጦርነቱ ዘመን ታላቅ ኀጢአት። በሐምሌ 2015 ዓ.ም. ፓትርያርኩና ብፁዓን አባቶች ይቅርታ ይዘው መቀሌ ሲወርዱ ጦርነቱ ካበቃ ስምንት ወር አልፎ ነበር። የትግራይ አባቶች ሊቀበሏቸው አልወጡም፤ በዚያው ወር በአክሱም የራሳቸውን ሹመት ፈጸሙ። የቀኖናውን መጣስ ለመንቀፍ ብዙ ሰው ተሽቀዳድሟል። እኛም ሹመቱን አንደግፍም። ነገር ግን የገዛ እናቱ ሲታረድ ዝም ያለችውን ልጅ ስለ ሥርዓት ልትቆጣው ስትመጣ ምን ብሎ ይስማት? ይህ መለያየት በሕግ መጽሐፍ ብቻ አይፈታም።

ለወንጌላውያን ወገኖቻችን የምንለው አጭር ነው፤ አጭር መሆኑ ግን መቅለሉ አይደለም። በንጉሡ ዘመን ጸሎት ቤታቸው ተዘግቶ ታስረዋል፤ በደርግ ዘመን ንብረታቸው ተወርሶ በየሳሎኑ መጋረጃ ዘግተው ዘምረዋል፤ በብዙ የገጠር ቀበሌ ሟቻቸውን የሚቀብሩበት መሬት ተከልክለዋል። የመከልከልን መራራነት ከእነርሱ በላይ የሚያውቅ የለም። ዛሬ ከእነርሱ ወገን የወጡ ሰዎች በከፍተኛ ሥልጣን ላይ አሉ፤ በ2012 ዓ.ም. የወንጌል አማኞች ካውንስል በአዋጅ ሕጋዊ ሰውነት አግኝቷል። ይህ የዜግነት መብታቸው ነው፤ መብት ግን ኃላፊነት አለበት። ቄስ ጉዲና በሚመሯት ጊዜ መካነ ኢየሱስ በ1964 ዓ.ም. ለውጭ ለጋሾች በጻፈችው ደብዳቤ የሰውን ሥጋና ነፍስ ለያይታችሁ አትርዱን፣ ሰው ሙሉ ነው ብላ ነበር። ዛሬ በየአዳራሹ ዘር ዝሩ እያለ የድሀውን ደመወዝ የሚሰበስብ፣ ቪዛና ትዳር የሚተነብይ ነቢይ ነኝ ባይ ሲበዛ የዚያች ደብዳቤ ልጆች ዝም ማለታቸው አይገባንም። ካውንስሉ ሕጋዊ ሰውነት ያገኘው ለመፍረድም ጭምር ነው። በየጠበሉ የሚነግዱ ሐሰተኛ አጥማቂዎችን በተመለከተ ለኦርቶዶክሱም የምንለው ይህንኑ ነው።

የገንዘቡን ነገር ቤተ ክርስቲያኒቱ ራሷ አትክደውም፤ አቡነ ማትያስ በአደባባይ ንግግሮቻቸው ስለ ሙስናና ብልሹ አሠራር ደጋግመው አዝነዋል። በከተማ አጥሩን ሱቅ ያደረገ፣ ፎቅ ሠርቶ የሚያከራይ ደብር አለ፤ በገጠር ደግሞ ለጧፍ፣ ለዘቢብና ለዕጣን ተቸግሮ ቅዳሴ የታጎለበት ቤተ ክርስቲያን አለ። ያችው የገጠር ቤተ ክርስቲያን በደቡብ ጎንደር ዙሪያው ሁሉ ሲራቆት በቅጽሯ ውስጥ ጥዱን፣ ወይራውንና ዋንዛውን ጠብቃ ያቆየች ናት፤ በሰሜኑ ደጋ የአገር በቀል ደናችን የተረፈው በአብዛኛው በእነዚያ ቅጽሮች ነው። የአብነት ተማሪውም በደበሎው ቁራሽ እየለመነ ድጓ የሚያጠናው እዚያው ነው። በአሜሪካ ያሉ ብዙ አጥቢያዎች በቦርድ ይተዳደራሉ፣ በዓመት ጠቅላላ ጉባኤ ሒሳባቸውን ያሰማሉ፤ ጠባቸውን ፍርድ ቤት ድረስ የወሰዱ ቢኖሩም ሒሳብ መስማት ምእመኑን አላስኮበለለውም። ቃለ ዓዋዲም ቢሆን ሰበካ ጉባኤውን ያቆመው ለዚሁ ነው። የውጭ ኦዲተር ይግባ፣ ሒሳቡም በዐውደ ምሕረት ለምእመኑ ይነበብ። ይህን ለመጠየቅ መንግሥት አያስፈልግም፤ መንግሥት ካልገባ አይሆንም የሚያሰኘው የቤቱ ሰዎች እምቢታ ነው።

መንግሥትንም አናልፈውም። ባለሥልጣን በበዓል ቀን እንደ ምእመን ጫማውን አውልቆ ይግባ፤ ዐውደ ምሕረቱን ግን የፓርቲ መድረክ አያድርገው። አባቶችን የሚጠራቸው ጦርነት ሲጀምር እንዲመርቁለት፣ ሲጨርስ እንዲያስታርቁለት አይሁን። ጳጳስ ማን ገደለ፣ ለምን አልተያዘም ብሎ ሲጠይቅ የመንግሥትን ሥራ አልነካም፤ መንግሥት ሥራውን እንዲሠራ ነው የጠየቀው። ለዚህ ጥያቄ የሚሰጠው መልስ ምርመራና ችሎት እንጂ አንቀጽ 11 አይደለም።

ሲኖዶሱ በጥቅምትና ከፋሲካ በኋላ በሚውለው ርክበ ካህናት፣ በዓመት ሁለት ጊዜ ይሰበሰባል። ከቀጣዩ ጉባኤ ሦስት ነገር እንጠብቃለን። የየሀገረ ስብከቱ ሒሳብ በስሙና በመጠኑ ይገለጽ። በ2015 ዓ.ም. በቋንቋ አገልግሎት ላይ የተገባው ቃል የት እንደ ደረሰ ይነገረን፤ ስንት የአብነት ትምህርት ቤት በአፋን ኦሮሞ፣ ስንት በሌሎች ቋንቋዎች እንደ ተከፈተ እንወቅ። ከትግራይ አባቶች ጋር የሚደረገው ንግግር ደግሞ ያለ መንግሥት አስተናጋጅነት፣ ያለ ካሜራ፣ በገዳም ይሁን፤ ሽማግሌ ቢያስፈልግ መነኮሳት አሉ። የንግግሩም የመጀመሪያ አጀንዳ የመንበርና የሹመት ጉዳይ አይሁን። በጦርነቱ ሁለት ዓመታት በአክሱምም፣ በማይካድራም፣ በየጉድጓዱ በወጉ ሳይፈቱ የተቀበሩት በክርስትና ስማቸው ተዘርዝረው፣ የሁለቱም ወገን አባቶች በአንድነት ቆመው ፍትሐት ያድርጉላቸው፤ ስለ ወንበር የሚነጋገሩት ከዚያ በኋላ ይሁን።